የሚያስመልሰው ሰውዬ

የሲኒማ ተዋናይ ነበርኩ ስል የማያምኑኝ ሰዎች አሉ፤ አልፈርድባቸውም። ስሜ በየትኛውም ፊልም መጀመሪያ ላይ ተጽፎ አያውቅም፤ አንድ ቃል ስናገር የሰማኝ ተመልካችም የለም። የእኔ ሥራ ማስመለስ ነበር። ሌላው ያፈቅራል፣ ይዋጋል፣ ያለቅሳል፤ እኔ አስመልሳለሁ። ዛሬም ይህን ስጽፍ የኮመጠጠ ወተት ጣዕም አፌ ውስጥ ይመጣብኛል።

የተጀመረው እዚሁ ቆቦ ነው። ያኔ ገና ጎረምሳ ሆኜ በወባ መድኃኒት ረጪነት ተቀጥሬ ነበር። ፓምፑን በጀርባዬ አዝዬ ከሮቢት እስከ ዋጃ ባለው ቆላ ከቤት ቤት እየዞርኩ ግድግዳ እረጫለሁ። ሰዉ አይወደንም። መድኃኒቱ ትኋን ያባብሳል፣ ድመት ይገድላል ይላል፤ የድመቱስ እውነት ነበር። አንዳንዱ በሩ ላይ ቆሞ «እኔ ቤት ወባ የለም፣ ሂዱ» ይለናል፤ ከኋላው መደቡ ላይ ልጁ በንዳድ ሲንቀጠቀጥ እናያለን።

እንዲህ ያለውን ሰው ለማስተማር ተብሎ ፊልም ሊሠራ ነው ተባለ። ከአዲስ አበባ አንድ ዳይሬክተር መጣ። ውጭ አገር ተምሮ የተመለሰ፣ አንገቱ ላይ መሐረብ የሚያስር፣ ቆላውን ገና ከመኪናው ሳይወርድ የጠላ ጎልማሳ ነበር። ረጪዎቹን አሰልፎ አንድ በአንድ ፊታችንን አየና እኔ ጋ ሲደርስ ቆመ። ከወባ የተነሣሁት በዚያው ሰሞን ነበር፤ ጉንጬ ጎድጉዷል፣ ዓይኔ ቢጫ ነው።

«ይሄ ጥሩ ፊት ነው» አለ ከጎኑ ለቆመው ካሜራ አንሺ። «ግማሹ ሞቷል።»

ከዚያ ሁሉ ሰው መሀል ተመረጥኩ ብዬ ደስ አለኝ። ለእናቴ በሩጫ ሄጄ ነገርኳት።

የፊልሙ ታሪክ አጭር ነው። እኔ ቤቴን አላስረጭም የምል ደንቆሮ ገበሬ ነኝ፤ ጎረቤቴ ያስረጫል። እኔ እታመማለሁ፣ አስመልሳለሁ፣ እሞታለሁ። ጎረቤቴ ነጭ በነጭ ለብሶ ይቀብረኛል።

ማስመለሱን የቀረጽነው ከከተማው ወጣ ብሎ ባለ አንድ ጎጆ ደጃፍ ላይ ነው። በሶ በወተት በጠበጡ፣ የተቀቀለ ምስር ጨመሩበት፣ በጣሳ አድርገው ድንጋይ ላይ አስቀመጡት። እኔ አንድ ጉንጭ ሙሉ እይዛለሁ፤ ዳይሬክተሩ «አሁን!» ሲል ጎንበስ ብዬ እለቀዋለሁ። የመጀመሪያው አልተወደደም።

«ይሄ መትፋት ነው» አለኝ። «እኔ የምፈልገው ከሆድህ እንዲመጣ ነው።»

ደገምን። ካሜራው ፊልም ጨረሰ፤ ሌላ እስኪገባ ጠበቅን። ደመና ፀሐይዋን ሸፈነ፤ እስኪያልፍ ጠበቅን። የቆቦ ፀሐይ ወተትን ምን እንደምታደርገው የኖረበት ያውቀዋል። ከቀትር በኋላ ጣሳው ውስጥ ያለው ነገር ረግቶ አረፋ አወጣ፤ ዝንቡ ከላይ ጥቁር ክዳን ሆኖበታል። ካሜራ አንሺው ዝንቡን በስንጥር አውጥቶ ጣሳውን ሰጠኝ። ጎረስኩት። አፌ ውስጥ፣ ምላሴ ላይ፣ አንድ ነገር ተንቀሳቀሰ።

ያኔ ትወና አላስፈለገም። ያለኝን ሁሉ አወጣሁት፤ ከዚያ የሌለኝን ማውጣት ጀመርኩ። እንባዬ፣ ንፍጤ፣ ምራቄ አንድ ላይ ሲወርድ፣ ዳይሬክተሩ በአንድ እጁ መሐረቡን አፍንጫው ላይ ይዞ በሌላው ጭኑን ይመታ ነበር።

«እንዲህ ነው! እንዲህ ነው የኔ ጌታ!»

ከወራት በኋላ ፊልሙ ለሕዝብ ሊታይ ቆቦ መጣ። በገበያ ቀን፣ ጀንበር ስትጠልቅ፣ አንድ መጋዘን ግድግዳ ላይ አቡጀዲ ተወጠረ፤ ፊልሙን ባመጣው ላንድሮቨር ላይ የተጫነው ጄኔሬተር ማጓራት ጀመረ። ከዞብል በኩል ግመል ነድቶ የመጣው፣ ማሽላውን ሸጦ ወደ ቤቱ ሊመለስ ያለው፣ ሁሉም ቀረ። እናቴን አዲስ ነጠላ አልብሼ ከፊት አስቀመጥኳት። አባቴ በልጅነቴ ስለሞተ ያለችኝ እሷ ብቻ ነበረች። ልጇ በሲኒማ ሊታይ ነውና ጎረቤቶቿን ሰብስባ መጥታለች።

መጀመሪያ እኔን ስታይ «ውይ ልጄን!» ብላ ሳቀች። ቀጥሎ አፌ መጣ። አፌ ብቻ፣ ግድግዳውን ሞልቶ። ከከንፈሬ የተንጠለጠለው ልጋግ የሰው ቁመት ያህል ረዝሞ ይወዛወዛል። የረጋው ወተት አቡጀዲው ላይ ሲፈስ ከፊት የተቀመጡት ሴቶች ልብሳቸውን ሰብስበው ወደ ኋላ ሸሹ። አንድ ሰው «እትፍ!» አለ። ሌላው ተከተለ። ገበያው ሁሉ ይተፋ ጀመር። ስለ ወባ የሚያስረዳውን ድምፅ የሰማ ሰው ያለ አይመስለኝም። እናቴ ነጠላዋን ፊቷ ላይ ጣለች፤ እስኪያልቅ አላነሣችውም።

ወደ ቤት ስንመለስ ቀድማኝ ትራመዳለች።

«እማ፣ እውነት እኮ አይደለም» አልኳት።

«አላስመለስክም?»

«አስመልሻለሁ፣ ግን...»

«ታመህ ለሞት ስትቃረብ እንኳ ከጓሮ ነበር የምትሄደው። እኔ እናትህ አላየሁህም። ዛሬ እስላሙም ክርስቲያኑም አንጀትህን አየው።» ጥቂት ሄደች፤ ቆም አለች። «ምን ዓይነት ሰዎች ናቸው? ከሰው ላይ ሌላ የሚነሣ ነገር አጥተው ነው?»

ራያ ወንድ ልጅ ጥርሱን ሲነቅሉት እንኳ ድምፅ እንዳያሰማ ተደርጎ የሚያድግበት አገር ነው።

ከዚያ ወዲህ ስሜ ጠፋ፤ «የሚያስመልሰው» ሆንኩ። ፊልሙ በሮቢትም በዋጃም ስለታየ፣ ልረጭ በሄድኩበት ሁሉ ልጆች ሆዳቸውን ይዘው እያጎነበሱ «ኧክ! ኧክ!» ይሉኛል። የታጨችልኝ ልጅ ነበረች፤ አባቷ ዋጃ አጠገብ የሚያርሱ የተከበሩ ሰው ናቸው። ሽማግሌዎች የሠርጉን ቀን ሊቆርጡ ሲሄዱ፣ ሰውዬው ዘንጋቸውን መሬት ላይ እያስነኩ እንዲህ አሉ አሉ።

«ልጁ ክፉ አይደለም። ግን ሆዱን ገበያ አይቶታል። ነገ ከእኔ ጋር ማዕድ ሲቀርብ ምን ሊታየኝ ነው?»

ይህን ሊነግሩኝ ከመጡት ሽማግሌዎች አንዱ ሳቁን መያዝ አልቻለም። እኔም በሳምንቱ ፓምፑን አስረክቤ ጥጥ በጫነ መኪና ላይ ተሳፍሬ ወደ አዲስ አበባ ሄድኩ። ያዋረደኝ ፊልም ነው፤ ፊልም ያነሣኛል ብዬ ነበር። ሰው የሚያየኝ ሌላ ነገር ከሠራሁ፣ ጀግና ወይም አፍቃሪ ከሆንኩ፣ የበፊቱ ይረሳል ብዬ አሰብኩ።

ዳይሬክተሩን ለማግኘት አልተቸገርኩም። ያኔ በአማርኛ የተሠራ ፊልም ጥቂት ነው፤ እሱና ጓደኞቹ የአገሩን ሲኒማ እኛ ነን የምንወልደው እያሉ ያወራሉ። ሲያየኝ ጀርባዬን መታ መታ አደረገ።

«አንተ ከእኔ ጋር ነህ። በዚህ አገር እንዳንተ የሚያስመልስ የለም!»

ምስጋና መስሎኝ ሳቅሁ።

በመጀመሪያው ፊልም ሰካራም ሆኜ የዋናው ተዋናይ ጫማ ላይ አስመለስኩ። በሚቀጥለው መርዝ የጠጣ አሽከር ነበርኩ። ድብልቁም ተሻሻለ፤ ወተት፣ ጥሬ እንቁላል፣ የረጠበ ዳቦ፣ ለቀለም ደግሞ ቲማቲም። ጠዋት በማሰሮ ይመጣል። ሌሎቹ ተዋንያን ምሳ ሲበሉ ከእኔ ራቅ ብለው ይቀመጣሉ። ፊቴን የምትቀባኝ ልጅ ትንፋሿን ይዛ ነበር የምትቀባኝ፤ ስትጨርስ ወደ መስኮት ሮጣ አየር ትስባለች። የእንቁላሉ ሽታ በሳሙናም ከሸሚዜ አይወጣም። የተከራየሁበት ቤት ባለቤት «ለመሆኑ ሥራህ ምንድን ነው?» ሲሉኝ ሉካንዳ ቤት ነው የምሠራው አልኳቸው። ሥጋ መሽተት ትውከት ከመሽተት ይሻል ነበር።

መርዝ የጠጣው አሽከር ከመሞቱ በፊት ጌታውን የሚረግምበት ንግግር ነበረው። አጥንቼው ነበር። ቀረጻው ከመጀመሩ በፊት ዳይሬክተሩን ለመንኩት።

«እሱን ልናገረው። በቃሌ ይዤዋለሁ።»

«አነጋገርህ የራያ ነው፤ ሰው ይስቃል።»

«ሳስመልስም ይስቃሉ።»

«እሱ ሌላ ነው» አለኝ፤ «እዚያ ላይ እንዲስቁ ነው የምንፈልገው።»

ፊልሙ ሲታይ እርግማኑን በሌላ ሰው ድምፅ ሰማሁት። የሚከፈተው የእኔ አፍ ነው፤ የሚወጣው የማላውቀው ሰው ድምፅ። ማስመለሱ ግን የራሴ ነበር፤ እሱን አልቀየሩትም። ከኋላ ወንበር ተቀምጬ አዳራሹን አየሁ። ክራባት ያሰሩ፣ ሽቶ የተቀቡ ሰዎች ናቸው። አሽከሩ ሊሞት መሬት ላይ ሲንፈራፈር አንዳቸው በሌላው ትከሻ ላይ እየተደገፉ ይስቃሉ። ስንወጣ አንዱ ለየኝና በግድ ጎትቶ ቡና ቤት አስገባኝ። ጓደኞቹን ጠራ።

«ይሄ ነው እኮ! እስቲ አንዴ አሳየን! ግድ የለም፣ ወለሉን እኛ እናስጠርጋለን!»

የቢራውን ብርጭቆ አፌ ላይ ደገነው። ገፍቼው ስወጣ ከኋላዬ «ኧክ!» አሉ። ልክ እንደ ቆቦ ልጆች። የቆቦዎቹ ግን ልጆች ነበሩ።

ያኔ መተው ነበረብኝ ይሉኛል የሰሙኝ። ወዴት ልሂድ? ቆቦ የሚያስመልሰው ነኝ፣ አዲስ አበባም የሚያስመልሰው ነኝ።

በመጨረሻ ዳይሬክተሩ የፍቅር ፊልም ልሠራ ነው አለ። ትልቁ ሠርግ ቆላ ላይ እንዲሆን ፈለገና ሜዳውን፣ ከኋላውም የዞብልን ተራራ አስታውሶ ቆቦን መረጠ። እኔ ሠርግ ላይ ከልክ በላይ በልቶ ዳሱ ሥር የሚያስመልስ ሆዳም እንግዳ ነኝ። እናቴን ካየኋት ቆይቼ ስለነበር እሺ አልኩ።

ያ ዓመት ዝናብ የቀረበት ነበር። ወሬውን አዲስ አበባ ሆኜ ሰምቼ ነበር፤ ይህን ያህል ነው ብዬ ግን አልጠበቅሁም። ከወልድያ ወርደን ሜዳው ላይ ስንደርስ ማሽላው ጉልበት ሳይደርስ ደርቆ ቆሟል። የጎሊና ወንዝ አሸዋ ብቻ ነው። ከመንገዱ ዳርና ዳር ሰው ተቀምጧል፤ ከደጋም የወረደ፣ ከቆላም የወጣ። እጁን የሚዘረጋ እንኳ የለም፤ መኪናችንን ያያሉ። መኪናው ውስጥ ሲዘፍኑ የነበሩት ዝም አሉ። ዳይሬክተሩ መስኮቱን ዘጋ።

«ይሄ ፊልሙ ውስጥ እንዳይገባ» አለው ካሜራ አንሺውን። «የደስታ ፊልም ነው።»

ዳሱን ከሮቢት አለፍ ብለው መንገድ ዳር ተከሉት። በግ ታረደ፣ ወጥ ተሠራ፣ እንጀራው በመሶብ ተደረደረ። ሙሽራዋና ዘፋኞቹ ከአዲስ አበባ የመጡ ናቸው፤ ሠርገኛ ሆነው የሚቀመጡት ግን እዚያው በቀን ሒሳብ የተቀጠሩ የአካባቢው ሰዎች ነበሩ። በመጀመሪያው ቀን ካሜራው ተስተካክሎ ሳያልቅ ሠርገኞቹ ምግቡን በሉት። ርቧቸዋል፣ ምን ያድርጉ። ዳይሬክተሩ ተናደደ። በማግስቱ አዲስ ምግብ አሠራና የመስተንግዶውን ኃላፊ ጠርቶ በጆሮው አንድ ነገር ነገረው። ሰውዬው ለኩራዝ የምናደርገውን ላምባ በጠርሙስ ይዞ መጣ። ወጡ ላይ፣ ጥብሱ ላይ፣ እንጀራው ላይ አርከፈከፈው።

«ምን እያደረግህ ነው?» አልኩት።

«እንዳይበሉት ነዋ!» አለኝ፣ ሞኝ እንደሆንኩ ሁሉ። «ካሜራ ሽታ አያነሣም።»

ሠርገኞቹ ምግቡን እንዲጠቀልሉ፣ አፋቸው ድረስ እንዲያመጡ፣ ከዚያ ባዶ አፋቸውን እንዲያላምጡ ታዘዙ። ከመካከላቸው አንድ ሽማግሌ ጉርሻውን አፍንጫቸው ሥር አደረሱት፤ «ላ ሐውለ ወላ ቁወተ፣ ከአላህ በቀር ኃይል የለም» ብለው መልሰው አስቀመጡትና ጣታቸውን በአፈር አሹት። ዳይሬክተሩ ከካሜራው ኋላ «ፈገግ በሉ! ሠርግ ነው!» ይላል። ዘፋኞቹ ሆ ይላሉ። የላምባውና የበርበሬው ሽታ በሙቀቱ ተቀላቅሎ ጉሮሮ ውስጥ ይጣበቃል። ዘመኔን በሙሉ ከትውከት ጋር ኖሬ እንደዚያ ቀን አጥወልውሎኝ አያውቅም።

የእኔን ድብልቅ ላምባ አልነካውም፤ አፍ ውስጥ የሚገባ ነውና። ከደሴ በጣሳ በመጣ የዱቄት ወተት ተበጥብጦ በማሰሮ ተቀምጧል።

ተራዬ ደረሰ። ምሰሶው ሥር ቆሜ አንድ ጉንጭ ሙሉ ያዝኩ። ከመንገዱ የመጡት ሰዎች እንዳይጠጉ ገመድ ተወጥሮ ዘበኛ ቆሞበታል። ከገመዱ ማዶ፣ እጄን ብዘረጋ በምደርስበት ቦታ፣ አንዲት አሮጊት ትንሽ ልጅ ታቅፈው ተቀምጠዋል። የልጁ አንገት መቆም አቅቶት ክንዳቸው ላይ ተዘልፍልፏል።

«ልጄ» አሉኝ በቀጭን ድምፅ። «ያን ማሰሮ ትደፉታላችሁ?»

አፌ ሞልቷል። መመለስ አልቻልኩም።

«ከምትደፉት ለዚህ ልጅ ብትሰጡኝ። ወተት ወተት ሸተተኝ።»

«ዝም በይ፣ እየተቀረጸ ነው!» አላቸው ዘበኛው።

ዳይሬክተሩ «አሁን!» ብሎ ጮኸ።

ዋጥኩት። እንቁላሉንም፣ ዳቦውንም፣ ቲማቲሙንም ዋጥኩት።

«አቁም! አቁም! ምን ነካህ? ለምን ዋጥከው?»

«ምግብ ነው» አልኩ።

«ምን?»

«እዚህ ዳስ ውስጥ የሚበላ ነገር ቢኖር ይሄ ብቻ ነው።»

ሙሽራዋ ቀልድ መስሏት ሳቀች። ሌላ የሳቀ አልነበረም። ዳይሬክተሩ ወደ እኔ መጥቶ ድምፁን ዝቅ አደረገ።

«ስማኝ፣ ደክሞሃል። ሌላ ይበጥብጡልህና እንድገመው። ብርሃኑ እያለቀብን ነው።»

ማሰሮውን አንሥቼ ገመዱን ተሻገርኩ። አሮጊቷ ጣታቸውን ነክረው ቀመሱ፤ ልጁን ቀና አድርገው በመዳፋቸው አጠጡት። መጀመሪያ አልዋጠም፤ በአገጩ ወረደ። ከዚያ ጉሮሮው ሲንቀሳቀስ አየሁ። አሮጊቷ አገጩ ላይ የፈሰሰውን በጣታቸው እየጠረጉ መልሰው አፉ ውስጥ ከተቱ፤ ከዚያ ጣታቸውን ላሱ።

«እድሜ ይስጥህ። ቤትህን ይሙላው» ብለው መረቁኝ።

ሰው ለትውከት ተብሎ በተሠራ ነገር ሲመረቅ ምን እንደሚሰማው ለማንም ላስረዳ አልቻልኩም። ያን ምርቃት ከላዬ አውልቄ ብጥለው ደስ ባለኝ። ቆዳዬን ጨምሬ ብጥለው።

ሌሎቹም ወደ ማሰሮው ተጠጉ። ዘበኛው ዱላውን አነሣ።

«ተዋቸው» አለው ዳይሬክተሩ፤ «ካሜራውን ብቻ እንዳይነኩብኝ።»

ለነዚያ ሰዎች ብሎ ሲናገር የሰማሁት ይህንኑ ብቻ ነው። ወደ ዕቃው ድንኳን ገባሁ። የወተት ጣሳዎቹን ሳነሣ የመስተንግዶው ኃላፊ በሩ ላይ ተገተረ።

«እሱ እኮ ለነገው ማስመለሻ ነው» አለኝ።

«ነገ አላስመልስም።»

ፊቴን ሲያይ መንገድ ለቀቀ። ጣሳዎቹን ለሴቶቹ አስረከብኩ፤ አንዷ ጠርሙስ ውኃ ነበራትና እዚያው በቅል መበጥበጥ ጀመሩ። የሆዳሙን ሰው ኮት አውልቄ ዳሱ ምሰሶ ላይ ሰቀልኩትና በእግሬ ወደ ቆቦ ሄድኩ። የተከተለኝም የጠራኝም የለም።

እናቴን ቁርበት ላይ ተቀምጣ ማሽላ ስትለቅም አገኘኋት። ከስታ ዓይኗ ብቻ ቀርቷል። አቅፋ ስማኝ ወዲያው ራቅ አለች።

«ምንድን ነው የሚሸትህ?»

«ላምባ።»

ነገርኳት። እስከ መጨረሻው ሰማችኝ።

«ወጡ ላይ?» አለች።

«አዎ።»

«እንጀራው ላይም?»

«እንጀራው ላይም።»

ተነሥታ ደጅ ወጣች። ስትመለስ የሚለቀመውን ማሽላ ከፊቴ አድርጋ «እስቲ አግዘኝ፣ ዓይኔ ደክሟል» አለችኝ።

በማግስቱ ከዚያው ላይ ቆልታ በጨርቅ ቋጠረችልኝ፤ አሮጊቷን ልፈልግ ተመለስኩ። በቦታቸው አልነበሩም። በሌሊት ወደ ወልድያ ሄዱ ያለኝም አለ፣ የለም ወደ ዋጃ ነው ያለኝም አለ። ልጁ እንዴት አደረ ብዬ ጠየቅሁ፤ የሚያውቅ አጣሁ። እዚያው የተቀመጡ ባልና ሚስት ነበሩ፤ ቆሎውን ለእነሱ ሰጠሁ። ዳሱ ውስጥ ሆታው ቀጥሏል። የመብራቱ ሠራተኛ ኮቴን ለብሶ ምሰሶው ሥር ጎንበስ ቀና ይላል፤ በምን እንደሚያስመልስ አላውቅም። መሶቦቹ እንደተከፈቱ ነው። በዚያ ሁሉ ምግብ ላይ አንዲት ዝንብ እንኳ አልነበረችም።

ፊልሙ አዲስ አበባ ሲታይ ሠርጉ እንዴት ያምራል ተብሎ ተወራ። እኔ አላየሁትም። የምግቡ ብዛት ብቻ ያጠግባል አለኝ አንድ ያየው ሰው፤ ተነሥቼ ሄድኩ።

ዝናብ ሲመለስ ከጎረቤት ጋር በሬ አቀናጅቼ የእናቴን መሬት አረስኩ። ማሽላው ወገብ ሲደርስ አንድ የጭነት መኪና ሹፌር መንገድ ዳር አቁሞ እኔን እያጠያየቀ ማሳው ድረስ መጣ።

«ዳይሬክተሩ ናቸው የላኩኝ» አለኝ። «አዲስ ፊልም ሊጀምሩ ነው፤ ያለፈውን ትቼለታለሁ፣ ይምጣ ብለዋል።»

«ትቼለታለሁ አለ?»

«እንዲያ ነው ያሉኝ።»

«ምን ልሠራ?»

ሹፌሩ ዓይኑን ወደ መኪናው ሰደደ። «አልነገሩኝም» አለ፤ እንደነገሩት ግን ከፊቱ ገባኝ።

«አረም ላይ ነው በላቸው።»

«መቼ ትጨርሳለህ ልበላቸው?»

ማሳውን አየሁት። ከእናቴ ጋር ሁለት ሆነን ገና ግማሹን እንኳ አልነካነውም።

«ብዙ ነው የሚቀረው» አልኩት።

አላማጣ ሳይመሽ ልድረስ ብሎ ተሰናበተኝ። መኪናው ሲነሣ ያስነሣው አቧራ ማሽላው ላይ እስኪያርፍ ጠብቄ ወደ ሥራዬ ጎንበስ አልኩ።